ውድ ዕቃ በእጅ፣ ጠላት በደጅ፦ የሀብት ፍለጋ የካራቴ ፊልሞች እና ጎንደር

በተለመደው የካራቴ ፊልም ሁለት ባላንጣዎች ይገናኛሉ፣ የሁለቱም እጅ ነጻ ነው፣ የበረታው ያሸንፋል። ሀብት የሚታደንበት የካራቴ ፊልም ግን ሌላ ሕግ አለው። አክተሩ በብብቱ ወይም በትከሻው የያዘው ነገር አለ። ያ ነገር ከወደቀ ይሰበራል፣ ከረጠበ ይበላሻል፣ ከእጁ ከወጣ ታሪኩ አለቀ። ስለዚህ አራት ሰው በአንድ እጁ ይገጥማል። ተመልካቹ ትንፋሹን የሚይዘው ለዚህ ነው እንጂ ለወርቁ ብሎ አይደለም። ዕቃው ስንት ብር እንደሚያወጣ ከቪዲዮ ቤት ሲወጣ ማንም አያስታውሰውም፤ ከሰገነት ጫፍ ሲንከባለል የተሰማው ድንጋጤ ግን አብሮት ወደ ቤቱ ይገባል።

ዛሬ ጎንደር ውስጥ ስልክ ይዞ አክሽን የሚቀርጽ ወጣት ብዙ ነው። ብዙዎቹ ያደጉት በትርጉም ፊልም ነው፤ ምት ያውቃሉ፣ መውደቅ ያውቃሉ፣ ኤዲቲንጉንም ራሳቸው ተምረውታል። የሚደክሙት ታሪኩ ላይ ነው። ሀብት ፍለጋ ሲባል ቶሎ የሚመጣላቸው ዋሻ፣ የተቃጠለ ጠርዝ ያለው ካርታ እና ሣጥን ሙሉ ወርቅ ነው። ይህ ከሌላ አገር የመጣ ሣጥን ለጎንደር አይስማማም፤ በሁለት ምክንያት። አንደኛ፣ ጎንደር የጠፋባት ሀብት ወርቅ አይደለም። ሁለተኛ፣ ሣጥን ሙሉ ወርቅ ለድብድብም አይመችም፤ ይከብዳል፣ አይሰበርም፣ ቢወድቅ ተመልሶ ይለቀማል። የማይሰበር ዕቃ ደግሞ አያስጨንቅም።

መጀመሪያ የወርቁን ነገር እንጨርስ። በጎንደር ነገሥታት ዘመን የዕለት ተዕለት መገበያያ አሞሌ ጨው ነበር፤ ዝናብ የሚያሟሟውን ነገር መሬት ውስጥ የሚቀብር ሰው የለም። በኋላ የመጣው ማርትሬዛ ብር ነው፤ እሱም ወርቅ ሳይሆን 28 ግራም ገደማ የሚመዝን የብር ሳንቲም ነው። ስሙን የሰጠችው የኦስትሪያ ንግሥት ማሪያ ቴሬዛ ከሞተች በኋላ የተመታው ሁሉ 1780 የሚለውን ዓመት ስለያዘ፣ አንዱን አግኝቶ «ይህ የዚያ ዘመን ነው» ማለት አይቻልም። «ጣሊያን የቀበረው ወርቅ» የሚባለው ወሬ ደግሞ በየአገሩ ይወራል፤ በቲክቶክ የሚታዩት የወርቅ መፈለጊያ መሣሪያዎችም ወሬውን አባብሰውታል። እነዚህ መሣሪያዎች ሳንቲም የሚያህል ነገር የሚለዩት በአብዛኛው ከ20 እስከ 30 ሴንቲ ሜትር ጥልቀት ድረስ ነው። ከዚያ በታች የሚጮኹት ለትልቅ ብረት ነው፤ በፍርስራሽ አካባቢ ደግሞ ሚስማሩም፣ ቆርቆሮውም፣ የጥይት ቀለሃውም ያስጮኻቸዋል።

ጉዳቱ የሚጀምረው ጉድጓዱ ሲቆፈር ነው። አንድ የሸክላ ስባሪ የትኛው የአፈር ንብርብር ውስጥ፣ ከየትኛው አመድ ጋር እንደተገኘ ካልታወቀ ለታሪክ ምንም አይናገርም። አንድ አካፋ የሦስት መቶ ዓመት ንብርብር በአንድ ጠዋት ያደባልቃል፤ ያንን መልሶ የሚያስተካክል ባለሙያ የለም። በቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 መሠረት ያለ ፈቃድ ቅርስ ፍለጋ መቆፈር ክልክል ነው፤ በአጋጣሚ ያገኘም ሰው ሳይነካካ ለሚመለከተው አካል ማሳወቅ አለበት። ስለዚህ አክተሩ ቤተ መንግሥት አጥር ሥር ሲቆፍር የሚያሳይ ፊልም፣ ቀራጮቹ ባያስቡትም፣ ወንጀልን ጀግንነት አድርጎ ያስተምራል።

ታዲያ የጎንደር ሀብት ምንድን ነው? ብራና፣ ሥዕል፣ መስቀልና ልብስ ነው። በታሪክ የተዘረፈውም ይኸው ነው። እዚህ ላይ ከቻይና ጋር የሚያገናኘን ነገር አለ። እ.ኤ.አ. በ1860 የእንግሊዝና የፈረንሳይ ጦር ቤጂንግ ሲደርስ ዩዋንሚንግዩዋን የሚባለው ቤተ መንግሥት ተዘረፈ፣ ተቃጠለም። ከዚያ ከጠፉት ውስጥ የፏፏቴ ጌጥ የነበሩ የ12 እንስሳት የነሐስ ራሶች ይገኛሉ። ጃኪ ቻን እ.ኤ.አ. በ2012 እነዚህን ራሶች ፍለጋ የሚዞር አክተር ሆኖ ፊልም ሠራ፤ በዓመቱ በ2013 ከራሶቹ ሁለቱ፣ የአይጧና የጥንቸሏ፣ ከፈረንሳይ ወደ ቻይና ተመለሱ። በዚያ የቻይና ዘመቻ የሁለተኛው ክፍለ ጦር አዛዥ ማን ነበር? ሮበርት ናፒየር። ከስምንት ዓመት በኋላ መቅደላ የወጣው ያው ናፒየር ነው። የእኛው ዓመተ ምሕረትም በአጋጣሚ 1860 ነው።

በመቅደላ የተዘረፈው ደግሞ ለጎንደር ሰው ሩቅ አይደለም። አፄ ቴዎድሮስ ለመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን ብለው ያሰባሰቧቸው ወደ 1,000 የሚጠጉ ብራናዎች በአብዛኛው ከጎንደር አድባራት የተወሰዱ ነበሩ። ይህ የሚያም ክፍል ነው፣ ግን ደፍሮ መናገር ይገባል፤ ከደጋችን መጀመሪያ ያወጣው የውጭ ሰው አልነበረም። ከዚያ በኋላ የእንግሊዝ ጦር የዘረፈውን በ15 ዝሆኖችና ወደ 200 በሚጠጉ በቅሎዎች ጭኖ ከመቅደላ ወረደ።

ከሁሉ ለፊልም የሚሆነው ኵርዐተ ርእሱ ነው። የእሾህ አክሊል የደፋ ክርስቶስን የሚያሳይ፣ በእንጨት ላይ የተሣለ፣ አንድ ሰው በጋቢው ሸፍኖ ሊሸከመው የሚችል ሥዕል ነው። የጎንደር ነገሥታት ሲዘምቱ ይዘውት ይወጡ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1744 ዳግማዊ ኢያሱ ወደ ሰናር ሲዘምቱ ጦሩ ተሸነፈ፣ ሥዕሉም ተማረከ፤ በኋላ በቤዛ ተመልሶ ጎንደር ገባ። በ1868 ከመቅደላ ዳግመኛ ተወሰደ። የወሰደው በብሪቲሽ ሙዚየም ስም ከጦሩ ጋር የመጣው ሪቻርድ ሆምስ ሲሆን፣ ለሙዚየሙ ሳይሆን ለራሱ አስቀረው። የሁለት ጦርነት፣ የአንድ ምርኮ፣ የአንድ ቤዛና የአንድ ክህደት ታሪክ በአንድ ጣውላ ላይ አለ። የትኛው የካርታ ሣጥን ይህን ያህል ታሪክ ይዟል?

ዕቃው ሲመረጥ አንድ ጥንቃቄ ያስፈልጋል፤ ታቦት የፊልም ዕቃ አይሆንም። ከካህን በቀር ማንም አይነካውም፣ አይታይም፤ ተመልካቹም አክተሩ ታቦት ይዞ ሲራገጥ ካየ ከዚያ ደቂቃ ጀምሮ ፊልሙን ይተወዋል። ብራና ወይም ሥዕል ይበቃል። በውጭም የተሳካላቸው ፊልሞች ያደረጉት ይህንኑ ነው። እ.ኤ.አ. በ2003 የወጣው የታይላንዱ ኦንግ-ባክ ታሪኩ ይኸው ነው፦ ከአንድ መንደር የቡድሃ ሐውልት ራስ ይሰረቃል፣ አንድ የመንደሩ ልጅ ሊያመጣው ወደ ባንኮክ ይወርዳል። ወርቅ የለም፣ ካርታ የለም። የመንደሩ ሰው ሳንቲሙን አዋጥቶ ሲሰጠው የምናየው አንድ ትዕይንት ከመቶ ዋሻ ይበልጣል።

ለጎንደር ታሪክ የሚስማማው ተፋላሚ የቆሎ ተማሪ ነው። ደበሎው አለው፣ አኮፋዳው አለው፣ ለውሻ የሚይዘው ዱላ አለው፣ ከደብር ደብር በእግሩ ይሄዳል፣ ብራና ማንበብም ያውቃል። ማንም ጸሐፊ ተቀምጦ ከዚህ የተሻለ ተፋላሚ አይፈጥርም። ብራናውን በማኅደሩ አድርጎ በግራ ትከሻው ያነግታል፣ በቀኙ ዱላውን ይይዛል። የማኅደሩ ጠፍር ደግሞ ራሱ የድብድቡ አካል ይሆናል፦ ጠላት ይጎትተዋል፣ ይበጥሰዋል፣ አክተሩ በጥርሱ ይይዘዋል። መቋሚያ ግን መሣሪያ ባይሆን ይሻላል፤ በማኅሌት የምናየው በትር ሰው ሲመታ ማየት ለብዙ ተመልካች ይከብዳል።

ብራናውን በሦስት ቅጂ መሥራት ግድ ነው። እውነተኛ ብራና ተውሶ መቅረጽ አይታሰብ፤ የእጅ ላብና ድንገተኛ ካፊያ ቆዳውን ያጨማድደዋል። የመጀመሪያው ቅጂ በቅርብ ለሚታይ ቀረጻ ነው፦ ወፍራም ወረቀት በቀዘቀዘ የሻይ ውሃ ተነክሮ በጥላ ይደርቃል። በፀሐይ ከደረቀ ጠርዙ ይጠቀለላል፣ ቀለሙም እድፍ እድፍ ይላል። ሽፋኑ 4 ወይም 5 ሚሊ ሜትር ኮምፔንሳቶ ሆኖ ጠርዙ በብርጭቆ ወረቀት ይሞረዳል፤ ያልተሞረደ ጠርዝ ቅንድብ ይሰነጥቃል። ሁለተኛው ለመሸከም የሚሆን፣ ክብደት ያለው ባዶ ማኅደር ነው። ሦስተኛው ከውስጡ ስፖንጅ የሆነ፣ ሰው ላይ ቢያርፍ የማይጎዳ ነው። ብዙዎች ሦስተኛውን ብቻ ሠርተው ይሳሳታሉ፤ ስፖንጁ ማኅደር አክተሩ ሲሮጥ እንደ ባዶ ቦርሳ ይዘላል፣ ተመልካቹም ውስጡ ምንም እንደሌለ ያውቃል። በሦስቱም ውስጠኛ ገጽ ላይ «ለፊልም የተሠራ» ብሎ በማይለቅ ቀለም መጻፍ ያስፈልጋል። አርጅቶ የተሠራ ነገር አንድ ቀን እንደ እውነተኛ ብራና ለቱሪስት ቢሸጥ ተጠያቂው የሠራው ሰው ነው።

ዱላውም እንዲሁ ነው። የወይራ ወይም የክትክታ ዱላ በቅርብ ሲታይ ያምራል፣ ለምት ግን አጥንት ይሰብራል። ለድብድቡ ባለ 20 ሚሊ ሜትር የኤሌክትሪክ ሽቦ ማስገቢያ ፕላስቲክ ቱቦ በ1.5 ሜትር ተቆርጦ፣ ስስ ስፖንጅ ተጠቅልሎበት፣ በላዩ ቡናማ ጨርቅ ይሰፋበታል። ቀርከሃ ይቀላል ብለው የሚጠቀሙ አሉ፤ ቀርከሃ ሲሰነጠቅ ስንጥሩ ዓይን ይፈልጋል። ማንኛውም ዱላ ከእያንዳንዱ ቀረጻ በፊት በእጅ መዳሰስ አለበት።

ልምምዱ በሩብ ፍጥነት ይጀመራል፣ ወደ ግማሽ ያድጋል፣ ከዚያ ወደ ሦስት አራተኛ። ሙሉ ፍጥነት ለካሜራ ብቻ ነው። አንድ ሾት ውስጥ ከስድስት እስከ ስምንት እንቅስቃሴ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ ሲሆን አንዱ ይረሳል፣ የረሳው ሰው ደግሞ ፊቱን ወደ ምቱ ያዞራል። አብዛኛው ጉዳት የሚደርሰው በዚያች ቅጽበት ነው። መቺው እጁን ከማንሣቱ በፊት ከተመቺው ጋር ዓይን ለዓይን መተያየት አለበት፤ ዓይን ካልተገናኘ ምት የለም። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,100 ሜትር ስለምትበልጥ ከቆላ የመጣ ተዋናይ አምስተኛው ድግግሞሽ ላይ ይደክማል። የደከመ እጅ ርቀቱን ስለማያውቅ ከባዱ ሾት ጠዋት መቀረጽ አለበት።

ቡጢው ከፊት 20 ወይም 25 ሴንቲ ሜትር ርቆ ያልፋል። ክፍተቱን የሚደብቀው ካሜራው ነው፦ ካሜራው፣ ቡጢውና ፊቱ በአንድ መስመር ሲደረደሩ ክፍተቱ ይጠፋል። ስልክ ላይ የሚበላሸው እዚህ ነው። የስልክ ዋና ሌንስ ሰፊ ስለሆነ በቅርብ ሲቀረጽበት ርቀትን ያጋንናል፣ ክፍተቱንም ያጋልጣል። መፍትሔው ሦስት አራት ሜትር ወደ ኋላ ሄዶ በእጥፍ የሚያቀርበውን ሌንስ መጠቀም ነው። በጣት ስክሪኑን እየለጠጡ ማቅረብ ግን ምስሉን ያደበዝዛል እንጂ ይህን አያደርግም።

የሹተር ፍጥነት፣ ማለትም ካሜራው ለአንድ ምስል ብርሃን የሚቀበልበት የሰከንድ ክፍልፋይ፣ በራሱ እንዲሠራ ከተተወ ሌላ ችግር ይመጣል። የእኛ መብራት 50 ኸርዝ ነው፤ ስልኩ 1/60 ከመረጠ ማታ በአምፖል ብርሃን ጥቁር መስመሮች ምስሉ ላይ ይሮጣሉ። 1/50 ወይም 1/100 ላይ መቆለፍ ያድናል። ለድብድብ 1/100 ይመረጣል፤ በ1/50 ቡጢው ይደበዝዛል፣ በ1/200 ደግሞ እንቅስቃሴው እየተቆራረጠ የሚዘል ይመስላል።

ፍጥነት መጨመርም ልክ አለው። የሆንግ ኮንግ ቀራጮች ካሜራውን በሰከንድ 22 ፍሬም ላይ አድርገው ቀርጸው በ24 ያሳዩ ነበር፤ ይህም እንቅስቃሴውን 9 በመቶ ያህል ያፋጥነዋል። ዛሬ ኤዲቲንግ ላይ 108 ወይም 110 በመቶ ማድረግ ይቻላል። ከ115 ካለፈ ይነቃል። የሚነቃው ደግሞ በሰውየው አይደለም፣ በጋቢው ነው፤ ጨርቅ ከተፈጥሮው በላይ ፈጥኖ ሲርገበገብና አቧራ እንደ ድንጋይ ሲወድቅ ዓይን ወዲያው ይይዘዋል። ምቱ ሲቆረጥ ደግሞ ከሩቅ ሾት ወደ ቅርብ ሾት ሲታለፍ ቅርቡ ሁለት ሦስት ፍሬም ወደ ኋላ ተመልሶ ይጀምር፤ ዓይን ምቱን ሁለት ጊዜ ያያል፣ አእምሮ ግን አንድ ከባድ ምት አድርጎ ይቆጥረዋል። በምቱ መሃል ላይ የሚቆርጡ ኤዲተሮች ይህን ጉልበት ይጥሉታል።

መውደቅ ላይ ጀግንነት አያስፈልግም። ጃኪ ቻን በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. አጋማሽ ዩጎዝላቪያ ውስጥ የሀብት ፍለጋ ፊልም ሲቀርጽ ከግንብ ወደ ዛፍ ዘለለ። የመጀመሪያው ዝላይ ተሳክቶ ነበር፤ ሲደግመው ቅርንጫፉ ተሰበረ፣ ጭንቅላቱ ድንጋይ ላይ አረፈ፣ ራስ ቅሉም ተሰነጠቀ። ከሥራው ዘመን ለሞት በጣም የቀረበበት አደጋ ይህ ነው፤ ዝላዩ ደግሞ ከሌሎቹ ትዕይንቶቹ ሲነጻጸር ቀላል የሚባል ነበር። ከፍታ በሦስት ሾት ይሠራል፦ እግሩ ጫፉን ሲለቅ ከታች ወደ ላይ፣ ሰውነቱ በአየር ላይ ሰማይን ብቻ ከኋላው አድርጎ ከጠረጴዛ ወደ ፍራሽ ሲወድቅ፣ ከዚያ መሬት ላይ ሲያርፍ ከጉልበት ከፍታ። ማንም ከአንድ ሜትር በላይ ሳይዘል የአሥር ሜትር ውድቀት ይገኛል።

ለሚሰበር ዕቃ ጎንደር ዕድለኛ ናት፤ ሸክላ ሩቅ አይደለም፣ ወለቃ ከከተማው አፍንጫ ሥር ነው። የተቃጠለ እንስራ ጭንቅላት ላይ አይሰበርም፣ ስባሪውም ይቆርጣል። ለሸክላ ሠሪዋ ስስ አድርጋ ሠርታ ሳታቃጥል በጥላ እንድታደርቀው መንገር ነው፤ ያልተቃጠለ ደረቅ ሸክላ ሲመታ ይፈረፈራል። እርጥበት ስለሚመልሰው በክረምት ይለሰልሳል፣ በመኪና ሲጓጓዝም ገና ሳይደርስ ይሰነጠቃል። ስለዚህ ለአንድ ሾት አራት ማዘዝ፣ በገለባ መሃል ማጓጓዝ፣ ተዋናዩም ዓይኑን ጨፍኖ እንዲቀበል ማድረግ ያስፈልጋል።

ቦታውን በተመለከተ ሁሉም ሰው ፋሲል ግቢን ይመኛል። በ1979 እ.ኤ.አ. በዓለም ቅርስነት የተመዘገበ፣ በቅርቡም ሰፊ እድሳት የተደረገለት ግቢ ነው። ድንጋዮቹን የያዘው ኖራ ነው። ኖራ ይተነፍሳል፣ እርጥበት ያስገባል፣ ያስወጣል፤ በጣሊያን ዘመን በሲሚንቶ የተደረገው ጥገና ጎጂ ሆኖ የተገኘው ይህን ስለማያደርግ ነው። በእርጥበት የላላ ኖራ ላይ አንድ ሰው ግንቡን ተደግፎ ሲዘል የእግሩ ግፊት መጋጠሚያው ላይ ያርፋል፣ ጥቃቅኑ ድንጋይ ይወጣል፣ በዚያ ቀዳዳ ክረምት ውሃ ይገባል። አንድ ርግጫ ግንብ አይጥልም፤ በየሳምንቱ ሃያ ልጅ ሲረግጥ ግን ይጥላል። ስለዚህ ግቢው በፈቃድ ከሩቅ ይቀረጽ፣ ተዋናዩ መንገዱ ላይ ይሂድ፣ ምቱ ሌላ ቦታ ይሁን። ለግንቡ ምት በእንጨት ፍሬም ላይ ስፖንጅ ለጥፎ በአመድና በቡናማ ቀለም የተቀባ ሁለት ሜትር ግድግዳ ይበቃል፤ በቅርብ ሾት ውስጥ ከዚያ በላይ አይታይም። ደብር ውስጥ ለመቅረጽ የደብሩን አስተዳደርና የሀገረ ስብከቱን ፈቃድ ማግኘት፣ ድሮን ለማንሣት ደግሞ የተለየ ፈቃድ መያዝ ያስፈልጋል።

የቀረው መጨረሻው ነው። የጎንደር ታሪክ በ«አገኘነው፣ ወደ ቤቱ መለስነው» ቢዘጋ ውሸት ይሆናል፤ ኵርዐተ ርእሱ አልተመለሰም። የአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን ግን ሌላ መጨረሻ ያሳየናል። እ.ኤ.አ. በ1932 በማርሴል ግሪዮል የሚመራው የፈረንሳይ ቡድን የቤተ ክርስቲያኑን ሥዕሎች ከግድግዳው አወረደ። ማውረድ የተቻለው ሥዕሎቹ በጥጥ ጨርቅ ላይ ተሥለው በግድግዳው ላይ የተለጠፉ ስለነበሩ ነው። ጋስቶን ሉዊ ሩ የተባለው የቡድኑ ሠዓሊ ቅጂ ሠራ፤ ቅጂው እዚህ ተሰቀለ፣ ዋናው ፓሪስ ሄደ፤ ዛሬም እዚያው ኬ ብራንሊ ሙዚየም ይገኛል።

ከዚህ የሚወጣው መጨረሻ እንዲህ ነው። የቆሎ ተማሪው ፊልሙን ሙሉ ለአንድ የተጠቀለለ ሥዕል ሲል ተደባድቧል፣ ጠፍሩን በጥርሱ ይዞ ወንዝ ተሻግሯል። ደብሩ ደርሶ ጥቅሉን ሲፈታ ቀለሙ ጣቱ ላይ ይቀራል፤ የተሸከመው ቅጂውን ነበር። ካሜራው መጀመሪያ ጣቱን ያሳያል፣ በ2 ሰከንድ ልዩነት ፊቱን፣ ከዚያ ድሮ ሥዕል የነበረበትን ባዶ ግድግዳና በላዩ የቀረውን የሙጫ ምልክት። ሙዚቃ አይገባም። ከውጭ የሚሰማው የሌሎቹ ተማሪዎች ድምፅ ብቻ ነው፤ ቀለም እየቀጸሉ።